እማማ ጄኔራል እጅ አይሰጡም

ቁልፍ ቀራጩ ሰው ሰላም የሚለው በቅንድቡ ነው። አፉን የሚከፍተው ለመብላትና ለማዛጋት ብቻ ነው እያሉ ጎረቤቶቹ ያሙታል። ደንበኛ ቁልፍ ይዞ ሲመጣ ይቀበለዋል፣ ማሽኑን ያስጮኻል፣ ብናኙን እፍ ይላል፣ አዲሱን ከአሮጌው አጋጥሞ ያስረክባል። «ይከፍታል ግን?» ብለው ሲጠይቁት ራሱን ይነቀንቃል። በቃ። መቼም እንዲህ ያለ ሰው ለአማችነት የተፈጠረ ነው፤ በተለይ አማቲቱ እማማ ጄኔራል ከሆኑ።

እማማ ጄኔራል ጦር ሜዳ ውለው አያውቁም። ተኩሰው የሚያውቁት ሸሚዝ ብቻ ነው። ቁልፍ ቀራጩ ባለበት ፎቅ ምድር ቤት፣ በጠባቡ ኮሪደር ጫፍ ላይ ላውንደሪ አላቸው። ማዕረጉን ያገኙት በስልክ ጌም ነው።

ነገሩ እንዲህ ነው። ከምሳ በኋላ ደንበኛ ሳሳ ሲል፣ የኮሪደሩ አምስት ሰዎች አንድ ቡድን ሆነው ይጫወታሉ። እማማ ጄኔራል፣ አማቻቸው ቁልፍ ቀራጩ፣ ፀጉር አስተካካዩ፣ ጫማ ሰፊው፣ እና ፎቶኮፒ የምታነሳው ልጅ፤ እሷን «ፎቶኮፒዋ» ነው የሚሏት። አምስት ለአምስት ነው ውጊያው። ግንብ ትጠብቃለህ፣ የጠላትን ግንብ ታፈርሳለህ፣ ዋናው ግንቡ የፈረሰበት ተሸነፈ። ሁሉም ከየሱቁ ሳይነሳ ነው የሚጫወተው። ማይክ የሚባል ነገር የለም። «ጉሮሮ እያለ ማይክ ለምኔ!» ይላሉ እማማ ጄኔራል። ስለዚህ ኮሪደሩ በጩኸት ይናጋል። ሸሚዝ ሊቀበል የመጣ ሰው «ከኋላህ! ከኋላህ!» ሲባል ደንግጦ ግድግዳ ላይ ይለጠፋል።

ጌሙ አንድ ደግ ሕግ አለው። ነገሩ አልሆን ካለ፣ ግንቡ ሁሉ ከፈረሰ፣ ቡድኑ እጅ መስጠት ይችላል። አንዱ ይጠይቃል፣ ሌሎቹ ስክሪኑ ላይ እሺ ወይም እምቢ ይነካሉ። ከአምስቱ አራቱ እሺ ካሉ ጨዋታው እዚያው ያልቃል፤ ሰውም ወደ ሥራው ይመለሳል።

እዚህ ኮሪደር ግን ሕጉ ሠርቶ አያውቅም። ፀጉር አስተካካዩ፣ ጫማ ሰፊውና ፎቶኮፒዋ ሁልጊዜ እሺ ናቸው። እማማ ጄኔራል ሁልጊዜ እምቢ ናቸው። አምስተኛው ቁልፍ ቀራጩ ነው፤ እሱም ሁልጊዜ እምቢ ይላል። ጀግና ሆኖ አይደለም። «ልጃቸውን የሰጡኝን ሰው እንዴት ብዬ እጅ እንስጥ እላቸዋለሁ?» ብሎ ነው። በዚህ የተነሳ የሞተ ጨዋታ ሳይቀበር ይውላል። ፀጉር አስተካካዩ ወንበር ላይ ግማሽ ፂሙ የተላጨ ሰው ቁጭ ብሎ ግማሽ ፊቱን በመስታወት ያያል።

«እትዬ፣ እጅ መስጠት እኮ እንደ ጫማ ነው» ይላል ጫማ ሰፊው። «ሶሉ ካለቀ በጊዜ ነው የሚቀየረው። ጣትዎ አስፋልት እስኪነካ አይጠብቁም።»

«እኔ ብርድ ልብስ ተረክቤ፣ ቆሻሻው አልለቅ አለኝ ብዬ እንደ ቆሸሸ መልሼ አውቃለሁ?»

«ብርድ ልብሱ እኮ መልሶ አይደበድብዎትም!»

«ዝም ብለህ ግንቡን ጠብቅ!»

ጥሎ መውጣት ደግሞ አይታሰብም። አንድ ሰው ከወጣ አራቱ ከአምስት ጋር ይቀራሉ። አንድ የስልክ ሽፋን ሻጭ «ውሃ ጥጃለሁ፣ ሊፈላ ነው» ብሎ መሃል ላይ ወጥቶ ነበር። ከዚያ ቀን ጀምሮ ስሙ «ፍል ውሃ» ሆኖ ቀረ። ቢቸግረው ሱቁን ወደ ላይኛው ፎቅ ቀየረ፤ ስሙም በደረጃው ተከትሎት ወጣ።

ቁልፍ ቀራጩ ይህን ሁሉ በሆዱ ይዞ ይኖር ነበር፤ ሚስቱ እስክታረግዝ ድረስ።

ሚስቱ የመጀመሪያውን የአልትራሳውንድ ቀጠሮ ብቻዋን ነው የሄደችው። እሱ እማማ ጄኔራል እጅ ያልሰጡበት ጨዋታ ውስጥ ተቀርቅሮ ነበር። ደግነቱ ያን ቀን ማሽኑ ተበላሽቶ ሌላ ቀጠሮ ሰጧት። ማታ ቤት ስትገባ አልጮኸችም። ብትጮኽበት ይሻለው ነበር።

«ስማ» አለችው፣ ጫማዋን እያወለቀች። «ሁለተኛ ብቻዬን ከገባሁ ብቻዬን ነው የምወጣው። ልጁንም ብቻዬን ነው የማሳድገው። ቁልፍ መቅረጽ ደግሞ አላስተምረውም።»

«እሺ።»

«ለእማዬ ደግሞ ትንፍሽ እንዳትል። መጀመሪያ እኛ በዓይናችን እንየው። እሷ ከሰማች አንድ ሸሚዝ ተኩሳ ሳትጨርስ አገር ያውቀዋል። የምነግራት እኔ ነኝ።»

«እሺ።»

ሁለት እሺ አለ። ሁለቱም በአንድ ቀን ይጋጩብኛል ብሎ አላሰበም።

ቀጠሮው ዘጠኝ ሰዓት ላይ ነበር። በዕለቱ ቁልፍ ቀራጩ ምሳውን እንደነገሩ ጎርሶ፣ በጊዜ ሹልክ ሊል ጃኬቱን ሲያነሳ፣ ከኮሪደሩ ጫፍ ድምፅ መጣ።

«አማቼ! ግባ እንጂ፣ አንተን ብቻ ነው የምንጠብቀው!»

እዚህ ላይ «ዛሬ አልችልም» ማለት ነበረበት። ሁለት ቃል ነው። ግን ለምን ቢሉትስ? ዋሽቶ አያውቅም፤ እውነቱን ደግሞ ተከልክሏል። ምላሱ ከላንቃው ጋር ተጣበቀ፤ ጣቱ ግን ገባ። ቶሎ ያልቃል፣ እነዚህ ደካሞች ይመስላሉ ብሎ ራሱን አጽናና።

ደካሞች አልነበሩም። ገና በጊዜ ሁለት ግንብ አፈረሱባቸው። ፎቶኮፒዋ «ኧረ እነዚህ ሰዎች ሥራ የላቸውም እንዴ!» አለች፣ የሰው የምስክር ወረቀት ማሽኑ ውስጥ እንደከተተች። ፀጉር አስተካካዩ እጅ እንስጥ ብሎ ጠየቀ።

ስክሪኑ ላይ ሁለቱ ምልክቶች ወጡ። ሦስት እሺ ወዲያው ተነካ። አንድ እምቢ ተነካ፤ የማን እንደሆነ መናገር አያስፈልግም። ቀሪው የሱ ነው። አውራ ጣቱ እሺ ላይ ሄዶ እንደ ዝንብ አንዣበበ። ከነካው አራት ለአንድ ይሆናል፣ እማማ ጄኔራልም ማን እንደ ከዳቸው በቅጽበት ያውቃሉ። ጣቱ እያንዣበበ ሰዓቱ አለቀና ጥያቄው ውድቅ ሆነ።

«የኔ ልጅ!» አሉ አማቱ ከላውንደሪው። «አልሞት ባይ ተጋዳይ ማለት እንዲህ ነው!»

ከዚያ ከስልኩ አናት ላይ የሚስቱ መልእክት ወረደ። «ደርሻለሁ። ከፊቴ ሦስት ሰው አለ።»

ሌላ ዘዴ መጣለት፤ ለዓይን አፋር ሰው የሚመጣ ዓይነት ዘዴ። መናገር ካቃተኝ ልሙት አለ። ሆን ብዬ ገብቼ ልሙት፣ ደጋግሜ ልሙት፣ ቶሎ ተሸንፈን ይለቅልን። ጌሙ ውስጥ ያለውን ተዋጊውን አዞረና በቀጥታ የጠላት መንጋ መሃል ሰደደው።

የረሳው አንድ ነገር ነበር። እማማ ጄኔራል ጌሙ ውስጥ የሚጫወቱት ቁስለኛ የምታድን ሴት ሆነው ነው። አማቻቸው ሲደበደብ አይተው ደግሞ ዝም አይሉም።

«ልጄን ሊገድሉት ነው! ተከተሉኝ!»

ካውያውን ማቆሚያው ላይ አስቀምጠው ውጊያው ውስጥ ገቡ። ሦስቱ እየተነጫነጩ ተከተሏቸው። ጠላት አንዱን ሞኝ ለመግደል አምስቱም ተሰብስቦ ነበርና ባልጠበቀው ጊዜ ከኋላ ተመታ። አምስቱም አለቁ። ኮሪደሩ በእልልታ ተናጋ።

«ወጥመድ ነው የሠራላቸው!» አለ ፀጉር አስተካካዩ፣ ምላጩን ወደ ላይ ሰቅሎ። ወንበሩ ላይ ያለው ደንበኛ አንገቱን ወደ ውስጥ ሳበ። «ቁልፌ፣ አንተ ለካ ጉድ ነህ! ዝምተኛ ውሃ!»

ቁልፍ ቀራጩ እንደገና ሊሞት ሄደ። እንደገና አዳኑት። እንደገና ጠላት አለቀ። ሊሞት በሄደ ቁጥር ግንብ ይፈርሳል፤ የጠላት ግንብ። እንዲህ ያለ መከራ ታይቶ አይታወቅም። ከዓመት እስከ ዓመት እጅ እንስጥ ሲሉ የነበሩት ሦስቱ አሁን እንደ አንበሳ ያገሳሉ። ጫማ ሰፊው መዶሻውን ጥሎ ቆሞ ነው የሚጫወተው። እማማ ጄኔራልማ ሃያ ዓመት ቀንሰዋል።

የሚስቱ መልእክት ወረደ። «አንድ ሰው ቀረኝ። የት ነህ?»

ቁልፍ ቀራጩ ከዱካው ተነሳ። ስልኩን እንደያዘ ሱቁ በር ላይ ቆመ። ጉሮሮውን ጠረገ። ከዚያ ከሆዱ ውስጥ፣ እሱም የማያውቀው ድምፅ ወጣ።

«እጅ እንስጥ!»



«ማነው እሱ?» አለ ጫማ ሰፊው፣ ዘወር ዘወር እያለ። እውነቱን ነው፣ ድምፁን ከፍ ሲያደርግ ሰምቶት አያውቅም።

«እኔ ነኝ። እጅ እንስጥ። ጠይቄያለሁ፣ እሺን ንኩልኝ።»

«አሁን? እያሸነፍን?» ፀጉር አስተካካዩ በሩ ላይ ብቅ አለ። «አብደሃል? ሁልጊዜ ስንለምንህ ድንጋይ ሆነህ፣ አሁን ዋና ግንባቸው ሥር ቆመን?»

«አሁን። ለምን አትበሉኝ፣ አልናገርም። ጥዬ መውጣት እችል ነበር፤ በአራት ሰው ልተዋችሁ አልፈለግሁም። እለምናችኋለሁ።»

ይህ ሁሉ ቃል ከአንድ አፍ መውጣቱ ራሱ አስደነገጣቸው። አንገቱ ቀልቷል። ፎቶኮፒዋ አየችው። ይህ ሰው አንድ ቀን እንኳ ዝርዝር ስጪኝ፣ በሩን ጠብቂልኝ ብሎ እንደማያውቅ ትዝ አላት መሰለኝ፣ «እኔ ነክቻለሁ» አለች።

«ሶሉ ገና አዲስ ነበር» አለ ጫማ ሰፊው እየተከዘ። «ይሁን፣ ነካሁ።»

ፀጉር አስተካካዩ ቀረ። ስልኩን አየ፣ ግንቡን አየ፣ ቁልፍ ቀራጩን አየ። ሰዓቱ ወደ ታች እየቆጠረ ነው። ያን ጊዜ ፊቱ በሙሉ አረፋ የሆነው ደንበኛ ወንበሩ ላይ እንዳለ ጮኸ።

«ኧረ ስጥለትና ላጨኝ!»

ፀጉር አስተካካዩ ነካው። አራት ለአንድ።

ስክሪኑ ላይ ሽንፈት የሚል ትልቅ ጽሑፍ ወጣ። ሌሎቹ አምስት ባላጋራዎች፣ የትም ይሁኑ የት፣ ሊሸነፉ ሲሉ ስላሸነፉ የጥያቄ ምልክት ብቻ ደርድረው ላኩ።

እማማ ጄኔራል ከነካውያቸው ወጡ። ገመዱ እስከሚደርስበት ድረስ መጡና ቆሙ።

«አንተ ልጅ።»

«አቤት እማማ።»

«ምን ሆነህ ነው?»

«መሄድ አለብኝ።»

«ወዴት?»

እዚህ ጋ ነበር ዋናው ፈተና። አንድ ቃል ቢተነፍስ ካውያው መሬት ይወርድ ነበር፣ እልልታውም ከበፊቱ ይበልጥ ነበር። ኮሪደሩ ሁሉ ዓይኑን ተክሎበታል። ለሚስቱ ደግሞ እሺ ብሏል።

«አልነግርዎትም» አለ።

ፎቶኮፒዋ አፏን በእጇ ያዘች። ለአማት አልነግርዎትም! ጫማ ሰፊው ወንበሩ ላይ ዝግ ብሎ ተቀመጠ፤ ይህን ቆሞ መስማት አይቻልም።

«አትነግረኝም?»

«አልነግርዎትም። ይቅርታ ያድርጉልኝ።»

«ከቡድኑ ወጥተሃል!»

«እሺ እማማ።»

«ከዛሬ ጀምሮ ሸሚዝህን ራስህ ተኩስ!»

«እሺ እማማ።»

እግሬ አውጪኝ አለ። ጃኬቱን አልያዘም፣ ሱቁንም አልቆለፈም። መንገዱን ሲሻገር አንድ ሹፌር የሰደበው ስድብ እስከ ክሊኒኩ በር አብሮት ሮጠ።

ሚስቱ ከአግዳሚው ላይ ተነስታ ወደ ውስጥ ልትገባ ነርሷ በሩን ይዛላታለች። ዘወር ስትል ደረሰ። ትንፋሹ ተቆራርጧል።

«ጨረሳችሁ?» አለችው፣ ፊቷን ሳትፈታ።

«እጅ ሰጠን።»

«እማዬ? እማዬ እጅ ሰጠች?»

«እሳቸው አልሰጡም። እኔ ነኝ።»

ሚስቱ አፍጥጣ አየችው። ከዚያ የሸሚዙን ኮሌታ አስተካክላለት ቀድማው ገባች።

ክፍሉ ውስጥ ብዙ አልተናገሩም። ማሽኑ ላይ ዳመና የሚመስል ነገር ነበር፣ በዳመናው መሃል ደግሞ አንዲት ብልጭ ድርግም የምትል ነጥብ። «ልቡ ነው» አለች ሐኪሟ። ቁልፍ ቀራጩ ወደ ስክሪኑ ተጠጋ። የሚያሳድደው ሰው ያለ ይመስል፣ ነጥቧ አታርፍም።

«ምነው እንዲህ ቸኮለ?» አለ። ሚስቱ ሳቀችና ዳመናው ሁሉ ተንቀጠቀጠ። «አይሳቅ፣ አይታየኝም» አለች ሐኪሟ።

ወጥተው አግዳሚው ላይ ተቀምጠው ሚስቱ ለእናቷ ደወለች። «እማ...» ከማለቷ ከወዲያ በኩል ውርጅብኝ ወረደ። ያ ባልሽ፣ ያ ዝምተኛ፣ ነገር በሆዱ፣ ዋናው ግንብ ሥር፣ በሰው ፊት። ስልኩን ከጆሮዋ ራቅ አድርጋ ጠበቀች። ሲያልቅ ነገረቻቸው።

ሚስቱ ኔትወርኩ የተቋረጠ መስሏት ስክሪኑን አየች።

«ታዲያ ምላስ የለውም?» አሉ በመጨረሻ፣ ድምፃቸው ወርዶ። «ለምን አልነገረኝም?»

«እኔ ነኝ አትንገር ያልኩት።»

«ስጪው።»

ቁልፍ ቀራጩ ስልኩን በሁለት እጁ ተቀበለ።

«አቤት እማማ።»

«በሁለት ምት ይወድቅ ነበር እኮ ግንቡ።»

«አዎ እማማ።»

«እጅ ለመስጠት የፈለገ ሰው ሳይጀመር ነው የሚናገረው። ዛሬ አልገባም ይላል። ማን ይበላዋል?»

እርስዎ ሊል አስቦ ተወው። «እሺ እማማ።»

«ልጄን በእግሯ እንዳታመጣት። ታክሲ ያዝ።»

«እሺ።» ትንሽ አሰበ። የዛሬ ድፍረቱ ገና አላለቀም ነበር። «ከቡድኑ ወጥተሃል ያሉኝስ?»

«እሱማ እንዳለ ነው። እኔ ቃሌን አላጥፍም።» ከጀርባቸው የፀጉር አስተካካዩ ድምፅ አንድ ነገር ጮኸ፤ እሳቸውም ዝም በል አሉት። አፍንጫቸውን ሲጠርጉ ተሰማ። «እስከ ዓርብ ብቻ። አሁን ዝጋ፣ የሰው ሸሚዝ እያረረብኝ ነው!»