አሥራ ሁለት እርምጃ ፈቀቅ

ኒላቫ ወረቀት አትቀበልም። እሷ ብቻ አይደለችም፤ ሕንድ ውስጥ፣ ሰሜን ካርናታካ ባለችው በዚያች መንደር ከመንግሥት የመጣ ወረቀት በእጁ የሚነካ ሰው የለም። ያልተቀበሉት ወረቀት እንዳልተጻፈ ይቆጠራል ብለው ያምናሉ። ከአባቶቻቸው የወረሱት ብልጠት ነው፣ ብልጠት ከተባለ። ስለዚህ የኤሌክትሪክ መስመር የሚዘረጋው ድርጅት መልእክተኛ በሯን ሲያንኳኳ፣ እጄ ሊጥ ነው ብላ ከውስጥ መለሰችው። እሱም በሯ ላይ ለጥፎላት ሄደ። ዝናብ አራሰው፤ የተረፈውን ፍየሏ በላችው።

ከአራት ወር በኋላ ቀያሾች መጥተው ማሳዋ ውስጥ አራት ቀይ ካስማ ተከሉ። ባለ አራት እግር የብረት ምሰሶ ሊቆም ነው። አንዱ ካስማ ያረፈው ባሏ ኢራፓ ላይ ነበር። የእነሱ ወገን ሙታኑን አያቃጥልም፤ በገዛ ማሳው ቁጭ እንዳለ ይቀብራል። ድንጋይ አላቆመችለትም። በሬ ይደናቀፍበታል፤ ደግሞስ ቦታው ማንን ይጠፋዋል? አሥራ አንድ ዓመት ሙሉ ማሽላውን ስታርም እዚያ ስትደርስ አረፍ ትላለች፤ አንዳንዴም ስለ ወገቧ ሕመም ታወራዋለች።

ካስማውን ነቀለችው። መልሰው ተከሉት። እንደገና ነቀለችው። ድርጅቱም ለአውራጃው አስተዳዳሪ አመለከተባት።

ሦስት ጊዜ፣ ሁለት አውቶቡስ እየቀያየረች ወደ አስተዳዳሪው ቢሮ ተመላለሰች። ሁለቱን ጊዜ ነገ ነይ ተባለች። በሦስተኛው አስተዳዳሪው ዓይኑን እያሸ አስረዳት። ሕጉ ከእንግሊዞች ዘመን የመጣ ነው፤ የባለመሬቱን ፈቃድ አይጠይቅም። መሬቱ የእሷ እንደሆነ ይቀራል፣ ለተበላሸው ሰብል ካሳ ይከፈላታል። ባለመሬት ሲከለክል ደግሞ ፈቃዱን የሚሰጠው እሱ ነው።

«ጌታዬ፣ አትትከሉ አላልኩም» አለችው። «አሥራ ሁለት እርምጃ ፈቀቅ አድርጉልኝ ነው የምለው። ባሌ አለ እዚያ።»

«እማማ፣ መቃብር ያለው ሰው በሠላሳ ቀን ውስጥ ያሳውቅ ተብሎ ተጽፎልዎት ነበር እኮ። የት ነበሩ?»

ፍየሏ በላችው ማለት አፈረች። አሁን አንዱ ምሰሶ ከተነካ መስመሩ ሁሉ ይዛባል አላትና ፈቃዱ ላይ ፈረመ። ክፉ ሰው ቢሆን በረገመችው፤ እሱም እንደ እሷ የደከመው ሰው ነበር።

ባሏን በመቆፈሪያ መኪና አላስቆፍርም አለች። የባሏ ታናሽ ወንድም ካላፓና የእምነታቸው ካህን መጡ፤ ገና ፀሐይ ሳትከር ቆፈሩ። አጥንቱን፣ በመዳፉ ይዞት የተቀበረውን ትንሽ የጸሎት ድንጋይም አገኙ። በነጭ ጨርቅ ጠቅልለው ከማሳው ሰሜን ጫፍ፣ ኒም ዛፉ ሥር አስቀመጡት። ካላፓ ወንድሙን ይቅርታ እየለመነ አለቀሰ። ኒላቫ ግን እንባ አልመጣላትም። አፈሩን በእግሯ ጠቀጠቀችና ወደ ቤቷ ገባች።

በሳምንቱ ሠራተኞቹ መጡ። በሁለተኛው ቀን፣ ኢራፓ በነበረበት ቦታ ለምሰሶው የቆፈሩት ጉድጓድ ግድግዳው ተናደ፤ ጥቁሩ አፈር ከሥሩ ውኃ ያዘለ ኖሯል። ወጣቱ መሐንዲስ ጎንበስ ብሎ አየ፣ ስልክ ደወለ፣ ጥቂት አወራ። ከዚያ አራቱንም ካስማ ነቅሎ ወደ ምሥራቅ ፈቀቅ አድርጎ ተከላቸው። ኒላቫ ከድንበሩ ላይ ሆና እርምጃውን ቆጠረች። አሥራ ሁለት ነበር።

«ልጄ፣ መነካት የለበትም ተብሎ አልነበረም?»

«ትንሽ ፈቀቅ ማለትማ ይቻላል እማማ፣ ሕጉ ይፈቅድልናል» አላት፣ ጭቃውን ከጫማው እያራገፈ። «መሬቱ እምቢ ሲል ምን ይደረግ?»

ከቦርሳው ወረቀት አወጣ። የአዲሱ ቦታ ማስታወቂያ ነው፤ ተቃውሞ ካላት በሠላሳ ቀን ውስጥ ታቅርብ ይላል አላት። ኒላቫ ወደ ባዶው ጉድጓድ አየት አደረገች። ከዚያ እጇን በሳሪዋ ጠርጋ ወረቀቱን ተቀበለችው።