ወደ ነኩራ የተላከው በሶ

ሀያቱ ለሐጅ ሊነሳ ሲል እንደ ደንቡ ጎረቤቱን ሁሉ እየዞረ «አፉ በሉኝ» ብሎ ይቅርታ ጠየቀ። ኮልፌ ውስጥ ቆዳ ሲገዛና ሲሸጥ የኖረ፣ ሃምሳን የተሻገረ ሰው ነው። ጊዜው ጥር 1930 ዓ.ም. ነበር። ጣሊያን ለሙስሊሙ ወዳጅ መስሎ ለመታየት ተጓዦችን በካሚዮን ምጽዋ እያደረሰ ከዚያ በመርከብ ያሻግራል። ሀያቱ ይህን ያውቃል። በጠላት መርከብ መሳፈሩ ውስጡን ይከነክነው ነበር፤ ነገር ግን ከዚያ በፊት በገዛ ገንዘቡ ሊሄድ ተነስቶ ሳይሳካለት ቀርቷል፤ ዕድሜም አይጠብቅም።

በመጨረሻ የገባው ወርቅዬ ቤት ነው። ባሏ ገብረወልድ አናጢ ነበር፤ ባለፈው የካቲት በከተማው ሰው ሲታፈስ አብሮ ታፈሰ። ምጽዋ ወስደው፣ ከዚያም በእንፋሎት ጀልባ ነኩራ በምትባል ደሴት እንደጣሉት ከአንድ የካሚዮን ረዳት ከመስማቷ በቀር ወሬ የላትም።

«አፉ ብያለሁ፣ ጋሽ ሀያቱ» አለችው። ከጓዳ አንድ አቁማዳ በሶ አውጥታ እግሩ ሥር አስቀመጠች። «በዚያው ባሕር ነው አሉ የሚሄዱት። ሲያልፉ ያቀብሉልኛል።»

ወርቅዬ የምታውቀው ባሕር ዝዋይን ነው። ደሴት ማለት ለእሷ ከዳር ሆነው ሲጣሩ ባለታንኳው ሰምቶ የሚመጣበት ቦታ ነው። ሀያቱ ቀይ ባሕርን አይቶት ባያውቅም እንደዚያ እንዳልሆነ ገምቷል። ግን ገና አሁን አፉ ያለችውን ሴት ምን ብሎ እምቢ ይበላት? ሚስቱ አልፊያ አቁማዳውን ስታይ፣ ሌላው ሸክሙን ሊያራግፍ ወደ መካ ይሄዳል፣ አንተ ጨምረህ ትሄዳለህ ብላ ቀለደችበት። እሱ አልሳቀም። አማና ነዋ፤ የሰው አደራ።

ምጽዋ ላይ ትልቁ የተጓዦች መርከብ እስኪመጣ ሰነበቱ። ሀያቱ ሙቀቱን ሽሽት ወደብ ዳር ይቀመጥ ነበር፤ ወደ ነኩራ የምትመላለሰውን ጀልባ ያያት ያኔ ነው። ጥቁር ጭስ የምትተፋ፣ ጎኗን ዝገት የበላት ትንሽ ጀልባ ናት። ሄዳ የምታራግፈው ውሃና ቀለብ፣ አንዳንዴም በሰንሰለት የተቆራኙ ሰዎችን ነው። ከሰል የሚጨምርላት አንድ የዳህላክ ሰው ነበር። አረብኛ የሚችሉት የጉዞ ጓደኛው ሼህ አህመድ አነጋገሩለት። ሰውዬው ፈራ፤ ጠባቂ ካየኝ እኔም እዚያው ቀረሁ አለ። አማና መሆኑን ሲነግሩት ግን እጁን ዘረጋ።

ሀያቱ አንድ ነገር አጥብቆ አስጠነቀቀ።

«በገብረወልድ በራሱ እጅ ካልሆነ ለማንም እንዳትሰጥ በሉልኝ።»

ጀልባዋ በማግስቱ ስትመለስ የከሰሉ ሰው አቁማዳውን እንደታሰረ ይዞት መጣ። ጠባቂው ዞር ሲልለት የገብረወልድን ስም ተጣርቶ ነበር። ሦስት ሰዎች፣ ሦስቱም አጥንታቸው የቀረ፣ እኔ ነኝ፣ እኔ ነኝ አሉት። የትኛው እውነተኛው እንደሆነ መለየት አቃተው። ለማይገባው ሰጥቶ ኃጢአት ከሚገባ ይዞ መመለሱን መረጠ።

ሼህ አህመድ በሶው ለወደቡ ድሆች ይሰጥ ቢሉ ሀያቱ አሻፈረኝ አለ፤ አማና ለተላከለት ካልደረሰ ለላኪው ይመለሳል። መካ ወሰደው፣ ከመካም መለሰው። ካዕባን እየዞረ እንኳ ሦስቱን ሰዎች ከዓይኑ ሊያጠፋ አልቻለም።

ኮልፌ ሲገባ ለወርቅዬ ሁሉንም ነገራት፤ አንዲት ቃል አልደበቀም። አቁማዳውን ሲያቀርብላት ግን እጆቿን ወደ ኋላዋ አደረገች።

«ከሦስቱ አንዱ እሱ ነው» አለች። «እኔ የላክሁት ለእሱ ነው። ካልሰጡት አማናው ገና እርስዎ ዘንድ ነው፣ ሐጂ።»

ስለዚህ አቁማዳው ሀያቱ ቤት ግድግዳ ላይ ተሰቀለ። ነገሩ ገብቶታል፤ በሶው እዚያ እስካለ ድረስ ገብረወልድ አለ፣ ወርቅዬም ባል ያላት ሴት ናት። ነቀዝ ሲገባበት አልፊያ እንጣለው አለች። ሀያቱ እንድትነካው አልፈቀደም።

ጣሊያን ተባሮ እስረኞች መመለስ ሲጀምሩ ፈቀደ የሚባል ጎልማሳ ከነኩራ መጣ። መርዶ ለሚስት በቀጥታ አይነገርምና ሰዎች ሀያቱ ዘንድ አመጡት። ገብረወልድ ደሴቲቱን በረገጠ በመጀመሪያው ክረምት በተቅማጥ ሞቷል። አሸዋውን ካለበሱት አንዱ ፈቀደ ራሱ ነው።

ሀያቱ ወራቱን በጣቱ ቆጠረ። በሶውን የላከው ከዚያ ክረምት በኋላ፣ በጥር ነው።

«እንግዲያ እኔ ነኝ ያሉት ሦስቱ?»

ፈቀደ ቀና ብሎ ግድግዳውን አየ።

«አንዱ እኔ ነበርሁ፣ ሐጂ። ሁለቱ ብዙም አልቆዩም። በሶ መሆኑን በጠረኑ አውቀነዋል።»

በቁጣ አልተናገረውም። ቢቆጣ ለሀያቱ ይሻለው ነበር።

በነጋታው ማለዳ ሽማግሌዎቹና ፈቀደ ወርቅዬ ደጅ ሲቆሙ ሀያቱ አቁማዳውን ታቅፎ አብሯቸው ነበር። ወርቅዬ የማንንም ፊት አላየችም፤ እጁ ላይ ያለውን አየች። ማንም አፉን ሳይከፍት ተቀበለችውና ደጃፉ ላይ ተቀመጠች። ዋይታው ከቤት ወደ ቤት ተያያዘ።

ለቅሶው ትንሽ ጋብ ሲል ሀያቱ ፈቀደን በእጁ ይዞ ወደ ቤቱ ወሰደውና አልፊያን ምግብ አቅርቢ አላት። ፈቀደ አልራበኝም አለ። ሀያቱ ግን ገበታው ፊት ተቀምጦ፣ እስኪበላ ጠበቀው።