መዛኙ

እስር ቤታችን ውስጥ በስቅላት የሚሞቱትን የሚመዝን አንድ ሰውዬ አለ። የገመዱ ርዝመት የሚወሰነው በፍርደኛው ክብደት ነውና፣ ሚዛኑን በኮቱ እጅጌ ወልውሎ ይጠብቃቸዋል። ትናንት አንዱ ከስቶ ቢመጣበት ተቆጣ።

«ምነው ወንድሜ፣ ምግብ ተውክ እንዴ? ገመዱ እኮ ተለክቶ አልቋል!»

«እህል አልወርድልህ አለኝ ጋሼ፣ ይቅርታ።»

«እንደምንም ብላ እንጂ! ለጤናህ አታስብም?»

ከራሱ ምሳ ቆርሶ ሰጠው።

ክፉ ሰው አይደለም። እኛን ጠባቂዎቹን እንኳ ሰላም ሲለን፣ እጃችንን ገና ከመጨበጡ ኪሎአችንን ይነግረናል። ቅዳሜ ዕለት ሴት ልጁ ጨቅላዋን ታቅፋ በር ድረስ መጣች።

«አባዬ፣ እስቲ የልጅ ልጅህን እቀፋት።»

ሁለት እጁን ኪሱ ውስጥ ከተተ።

«አንቺው ያዢያት» አላት፤ «እኔ በሩቁ ልያት።»