የቡንዱ ሚያ ሁለት የፊት ጥርሶች

ጠበቃው ሚርዛ ተሰዱቅ ቤግ መስጊዳችንን ያስታወሰው በምክር ቤቱ ምርጫ ዓመት ነው። ከዚያ በፊት ጁምዓ እንኳ ዞር ብሎ አያየውም ነበር፤ ሠረገላ ነጂው ሰፈራችን ለመድረስ ሁለት ጊዜ መንገድ ጠይቋል። መጥቶም «እስልምና አደጋ ላይ ነው» አለን። አደጋው ምን እንደሆነ ብንጠይቀው የቡንዱ ሚያ ሸህናይ ሆኖ አረፈው።

ቡንዱ ጎረቤቴ ነበር። እኔ ልብስ ሰፊ፣ እሱ ሸህናይ፣ ያን የሰርግ መለከት ነፊ። በናወልፑር ሂንዱም ሆነ ሙስሊም ያለ እሱ አይድርም። የሂንዱ ሙሽራ አጅቦ በመስጊዱ ፊት ሲያልፍ ሰላት ከደረሰ መለከቱን ከአፉ ያወርዳል፣ ካልደረሰ ይነፋል። በቃ። ርቀቱን ማንም ለክቶት አያውቅም።

ሚርዛ ኮሚቴ አቋቋመ፤ በመስጊድ ፊት ሙዚቃ እንዳይሰማ። በማግስቱ የጥጥ ነጋዴው ላላ ሀርናራያን የራሱን አቋቋመ፤ ሙዚቃው ለአንድ እርምጃ እንኳ እንዳይቋረጥ። ከጅብ ቆዳ የተሠራ ከበሮ ድምፁ «እንብላው፣ እንብላው» ነው። ሕንድን የሚገዙት እንግሊዞች በምክር ቤቱ የሙስሊሙን ወንበር ለብቻ፣ የሌላውን ለብቻ አድርገዋልና፣ አንዱ ከሌላው ወገን ጠቡን እንጂ ድምፁን አይፈልግም። ከእኛ መንደር ደግሞ መምረጥ የሚችሉት ዘጠኝ ግብር ከፋዮች ብቻ ነበሩ። እኔና ቡንዱ የለንበትም። ለመጣላት ግን ግብር የጠየቀን የለም።

እንግሊዙ ዳኛ መጣና ከመስጊዱ በር አርባ እርምጃ ወዲህ፣ አርባ እርምጃ ወዲያ አስለክቶ በኖራ አሰመረ። በመስመሮቹ መካከል ዝም፣ ከዚያ ውጭ እንደ ልብ። ሚርዛ የላካቸው ጎረምሶች መስመሩን ያርቁታል፣ የላላዎቹ ያቀርቡታል። በዚያ ሰሞን ለቤት መቀቢያ የሚሆን ኖራ ከገበያ ጠፋ።

በዚሁ መሀል ጣፋጭ ሠሪው ባንዋሪ ልጁን ሱክዴይን ሊድር ሆነ። ቡንዱ የተወለደች ዕለት ነፍቶላታል፤ ከፍ ስትልም «ሙሽራሽን በሸህናዬ እደጅሽ ድረስ አመጣልሻለሁ» ብሎ ቃል ገብቶላታል። ልጅቱ ባየችው ቁጥር «አጎቴ፣ ቃልህን እንዳትረሳ!» ትለው ነበር።

የሚርዛ ኮሚቴ ቡንዱን አስጠራው።

«ከነፋህ አብሮህ ጋያ የሚያጨስ፣ ውሃ የሚያቀብልህ ሰው አይኖርም» አለው ሚርዛ።

«ጌታዬ፣ ለልጅቱ ቃል ገብቻለሁ።»

«ለሂንዱ ልጅ?»

«ለሰፈሬ ልጅ።»

እዚያው ተወገዘ። በማግስቱ ደጄ መጥቶ እንደ ልማዱ እጁን ወደ ጋያው ሲዘረጋ እኔ ጀግናው ቱቦውን ወደ ራሴ ሳብኩት። አይቶኝ ሳቀ። «አይ ወንድሜ፣ አንተም ለወንበር ልትወዳደር ነው?» አለኝ።

ላላም በበኩሉ ባንዋሪን ያዘው። «የሙስሊም ትንፋሽ በሂንዱ ሰርግ? አይሞከርም!»

«ታዲያ ማን ይንፋ፣ ላላ ጂ?» አለ ባንዋሪ በአክብሮት።

«እኔ ከአግራ ንጹሕ የሂንዱ ባንድ አስመጣለሁ።»

አስመጣም። ቀይ ኮት የለበሱ፣ የነሐስ መለከታቸው የሚያብረቀርቅ አሥራ ሁለት ሰዎች። ላላ ደረቱን ገልብጦ ከፊት ከፊታቸው ይሄዳል። ልክ ኖራው ጋ ሲደርሱ የዐስር፣ የከሰዓቱ ሰላት፣ አዛን ተሰማ።

«ንፉ! እንዳታቆሙ!» ብሎ ጮኸ ላላ።

የባንዱ አለቃ መለከቱን ቀስ አድርጎ ግድግዳ አስደገፈ። «ይቅርታ ጌታዬ፣ ሰላት ደርሷል» አለና ወደ መስጊዱ ገባ። አሥራ አንዱም ተከተሉት። ከበሮ መቺውማ ከበሮውን ላላ ላይ አሸክሞት ነው የሄደው። በዚህ አገር መለከት የሚነፋው ሙስሊም መሆኑን ሕፃን ያውቃል፤ ላላ ግን ስማቸውን እንኳ አልጠየቀም።

«የላላ ጂ ሂንዱዎች ሊሰግዱ ገቡ!» አለ አንድ ጫማ ሰፊ። ሰርገኛው፣ ሰፈርተኛው፣ ፖሊሱ ሳይቀር በሳቅ ፈረሰ። እኔም ሳቅሁ። የላላ ጎረምሶች ግን አልሳቁም።

ባንደኞቹ ገና ጫማቸውን ሲፈልጉ ቡንዱ ከፊተኛው ሰልፍ ሰግዶ ወጣ። ሙሽራው ፈረስ ላይ ተገትሮ ግራ ገብቶታል። ቡንዱ ሸህናዩን ከኩታው ሥር አውጥቶ ከፈረሱ ፊት ቆመና በዝምታ ተራመደ። ሁለተኛውን ኖራ ከተሻገረ በኋላ ነፋ። የባንዋሪ ደጅ ሊደርስ ስድስት እርምጃ ሲቀረው ጡብ መጣ። ከማን እንደመጣ አልታወቀም፤ ሁለቱም ኮሚቴዎች ጡብ ከምረው ነበር። ከንፈሩ ተሰነጠቀ፣ ሁለት የፊት ጥርሶቹ ረገፉ። ደሙን በኩታው ይዞ ስድስቱን እርምጃ ጨረሰና ሸህናዩን ደጃፉ ላይ አኖረው። ሱክዴይ ሙሽርነቷን ረስታ ወጣች።

«አመጣሁልሽ» አላት።

ሳምንት ሳይሞላ ላላ በምርጫ ስብሰባው ላይ «ሂንዱን ስላገለገለ ሙስሊሞች ፈነከቱት» እያለ አለቀሰለት። ሚርዛ ደግሞ፣ ያ ያወገዘው ሚርዛ፣ በራሱ ስብሰባ መድረክ ላይ አወጣው።

«ወንድማችን ቡንዱ፣ ሂንዱዎች ያደረጉህን ለሕዝቡ አሳይ! አፍህን ክፈት!»

ቡንዱ ከፈተ። ቃሉ ያፏጫል፣ ግን ሁላችንም ሰማን።

«ጌታዬ፣ እርስዎ የተዳሩ ዕለት በዚሁ መስጊድ ፊት ነፍቻለሁ። አባትዎ፣ አላህ ይዘንላቸውና፣ ‹ጠንከር አድርገህ ንፋ!› ብለው ሸልመውኛል። ያን ቀን እስልምና የት ሄዶ ነበር?»

ሚርዛ ወንበሩን አገኘ። ላላም የራሱን አገኘ። ምክር ቤቱ ውስጥ አብረው ሻይ ይጠጣሉ አሉ፤ ይጠጡ። እኔ ልብስ ሰፊው ማንም ሳይመርጠኝ ፈሪ ሆኜ ነበርና፣ ምርጫው ካለፈ በኋላ ጋያዬን ይዤ ቡንዱ ደጅ ሄድኩ። አጠገቡ ተቀምጬ ቱቦውን አቀበልኩት። ተቀብሎ ወደ አፉ አስጠጋና ሞከረ፣ ደግሞ ሞከረ። ከዚያ መለሰልኝ።

«ዘገየህ ወንድሜ» አለኝ፤ «ከንፈሬ አይይዝም።»