የአባቴ እጆች

ልጅ እያለሁ፣ በጃንሆይ ጊዜ፣ ጋይንት ቤተ ልሔም ካሜራ የያዘ ሰው ሲመጣ የምናውቀው አንድ ነገር ብቻ ነበር፤ ቀጥ ብሎ መቆም። የተነቃነቀ ሰው መልኩ ይበላሻል ይባል ነበር።

ከአዲስ አበባ የመጣው ሰውዬ የያዘው ግን የተንቀሳቃሽ ፊልም ካሜራ ነው። «ኧረ ሥራችሁን ሥሩ፣ እኔን እርሱኝ!» እያለ ቢለምን ማን ይስማው! ገበሬው በሬዎቹን አቁሞ፣ ዕርፉን ጨብጦ ይገተራል። ውኃ ቀጂዎቹ እንስራቸውን እንዳዘሉ ይደርቃሉ። ሰውዬው አንገቱን ደፍቶ ሲመለስ ያሳዝነኝ ነበር።

አንድ ጧት አባቴ ዛፍ ሥር ተቀምጠው ለአንድ ተማሪ ድጓ ያስጠኑ ነበር። አባቴ ዓይነ ስውር ነበሩ። ዜማውን የሚመሩት በእጃቸው ነው፤ ድምፃቸው ሳይወጣ እጃቸው ከጉልበታቸው ይነሣል፣ ይንሳፈፋል፣ ይወርዳል። ሰውዬው ከተማሪው ጀርባ በቀስታ መጥቶ ካሜራውን ደገነ። እኔን ሲያየኝ ጣቱን ከንፈሩ ላይ አደረገ።

አንጀቴ አልቻለም። አገሩ ሁሉ አይቶ ነው የሚቆመው፤ አባቴ ብቻ ሳያውቁ መልካቸው ሊወሰድ ነው። ሄጄ ጆሯቸው ሥር ጎንበስ አልኩ።

«አባባ፣ እንግዳው ሰውዬ እያነሣዎ ነው።»

«እኔን?» አሉ። ጥምጥማቸውን ዳበሱ፣ ጋቢያቸውን ሰበሰቡ፣ ሁለት እጆቻቸውን ጉልበታቸው ላይ አኑረው ቀጥ አሉ። «ደኅና ተቀምጫለሁ ልጄ?»

«አዎ አባባ።»

ሰውዬው ካሜራውን አጠፋ። ከሰዓት በኋላ በቅሎውን ጭኖ ወደ አርብ ገበያ ወረደ።

ዛሬ እኔም በግሌ ዘጋቢ ፊልም እሠራለሁ። ሰውን እንዲህ ሁን አልልም፤ ሥራዬ ቁጭ ብሎ ማየት ነው። ያንን ፊልም ዓመታት ፈልጌ፣ ሰውዬውን በስተርጅናው አግኝቼ ተቀበልኩት። ድምፅ የለውም። እጆች ይነሣሉ፣ ይወርዳሉ። አንዲት ትንሽ ልጅ ትመጣና ጆሮ ሥር ጎንበስ ትላለች። እጆቹ ያርፋሉ። አለቀ። ከአባቴ የቀረኝ ምስል ይኸው ነው፤ ባየሁት ቁጥር አለቅሳለሁ።

አሁን ካሜራ በየኪሱ ነው፤ ቀጥ የሚልም፣ የሚያስፈቅድም የለም። እኔ ሳልናገር አልቀርጽም። ተናግሬ ሰው ሲደርቅብኝ ካሜራዬን ዘግቼ አብሬ እውላለሁ፣ አድራለሁ። ባልደረቦቼ ጊዜ ታባክኛለሽ ይሉኛል። ምን ያድርጉ፣ እነሱ አላዩም። የአባቴ እጆች ያኔ፣ በማግሥቱ ጧት፣ እዚያው ዛፍ ሥር፣ እንደገና ተነሥተው ነበር። ሰውዬው ግን ሄዷል።