ለቤዝቦል ያልሆነው ድምፄ

ቤዝቦልን በአማርኛ ማስተላለፍ ያስተማረኝ የለም። ሁለት ዓመት ሙሉ ፓልምስ በሚባለው ሰፈር ባለችው ክፍሌ የቴሌቪዥኑን ድምፅ አጥፍቼ ጨዋታውን ለግድግዳ ሳስተላልፍ ኖርኩ። ግድግዳው ቅር ብሎት አያውቅም።

በመጨረሻ የአማርኛ ሬዲዮ የሚያዘጋጁ አንድ ጋሼ ሊፈትኑኝ ፌርፋክስ ጎዳና ላይ ወዳለ የሐበሻ ምግብ ቤት ጠሩኝ። ካለፍኩ የእሁዱን ጨዋታ በሬዲዮ የማስተላልፈው እኔ ነኝ። የቤቱ ቴሌቪዥን ድምፁ ተዘጋና ጀመርኩ። ወርዋሪው ኮፍያውን ሁለቴ እንደነካ፣ ግራ ጫማውን የሜዳው መስመር ኖራ እንደነካው፣ ባንዲራው ወደ ቀኝ እንደሚውለበለብ አንድም ሳላስቀር ተናገርኩ። ስለ ጫማው ክር ልጨምር ስል ቤቱ በጩኸት ተናጋ። መቺው ኳሷን ከአጥር ውጭ ልኳት፣ ሜዳውን ዞሮ ጨርሶ ከጓደኞቹ ጋር ይተቃቀፋል።

"ኳሷስ?" አሉ ጋሼ።

"እደርስባታለሁ ጋሼ" አልኩ፣ በዚያው ዝግ ባለ ድምፄ።

አጠገባችን የተቀመጠ የታክሲ ሹፌር፣ "ኦኬ፣ ቀብሩ ስንት ሰዓት ነው?" ብሎ ሰዉን አሳቀ።

ጋሼ ግን አልሳቁም። ትንሽ አሰቡና፣ "የእድሩን የኀዘን ማስታወቂያ የሚያነብልኝ ልጅ ሥራ ቀይሮ ሄዶብኛል" አሉኝ። "አንተ አትጮህም፣ አትቸኩልም። እሁድ ታነብልኛለህ?"

ጨዋታው እንዳመለጠኝ ገባኝ። ቢሆንም እሺ አልኩ። እሁድ እውነተኛ ማይክሮፎን ፊት ተቀምጬ የሟችን ስም፣ ቤተ ክርስቲያኑንና መኪና የሚቆምበትን ቦታ ሳነብ፣ ደስታዬ በድምፄ እንዳይታወቅ ብዙ ታገልኩ።