በጆሯቸው ያነበቡት ሰው

ወረፋ ይዤ ሳለሁ ነው ያየሁት። በመዝገብ ቤቱ መስኮት ውስጥ አንዲት ረዳት ወደ አዛውንቱ መዝገብ ያዥ ጆሮ ጠጋ ብላ የፋይሌን ቁጥር በሹክሹክታ አነበበችላቸው። እሳቸውም መደርደሪያዎቹን በጣታቸው እየዳሰሱ ሄደው ሳይሳሳቱ አመጡልኝ። «እግዚአብሔር ይስጣት» ብዬ ወጣሁ። ያን ምርቃት ዛሬም መልሼ አልወሰድኩትም፤ የፈለገ ይፍረድብኝ።

ሠራተኛው «ጋሼ መዝገብ» ይላቸዋል። ረዳታቸውን ከሰባት ዓመት በፊት ተቀብለው ሥራውን አስተምረዋታል፤ ፋይል ባዘበራረቀች ቁጥር «የኔ ጥፋት ነው» እያሉ ቁጣውን ተቀብለውላታል። ዓይናቸው ሲደክም ደግሞ እሷ ታነብላቸው ጀመር። ጡረታ ለመውጣት አሥራ አራት ወር ቀርቷቸዋል። እስከዚያ እንዳይታወቅባቸው ነበር ጸሎታቸው።

የዓመቱ የጤና ምርመራ ውጤት ግን ከሐኪም ቤት መጣ፤ በግል ማኅደራቸው ውስጥ መግባት ነበረበት። ጋሼ መዝገብ አልቀደዱትም፤ ዕድሜያቸውን ሙሉ ወረቀት የጠበቁ ሰው ናቸው። በሞቱ ጡረተኞች መደርደሪያ፣ ማንም በማይጠይቀው ፋይል ውስጥ ሸጎጡት። ቦታውን የነገሩት ለእሷ ብቻ ነው።

«ስወጣ ወደ ቦታው መልሺው፣ ልጄ። ከዚህ ቤት ወረቀት ጠፋ እንዲባል አልፈልግም። ድንገት ብሞትም እንዳትረሺ።»

«ምን በወጣዎት፣ ጋሼ! እኔን ያስቀድመኝ።»

የመዝገብ ክፍል ኃላፊነት ክፍት የሥራ ቦታ ማስታወቂያ በወጣ በሦስተኛው ቀን ወረቀቱ ሥራ አስኪያጁ ጠረጴዛ ላይ ተገኘ። ሥራ አስኪያጁ ሠራተኛው በተሰበሰበበት ሦስት ጣቱን አነሣ።

«ጋሼ መዝገብ፣ ስንት ነው?»

አዛውንቱ በልማድ ጆሯቸውን ወደ ረዳታቸው አዘነበሉ። ጠበቁ። አጠገባቸው ቆማ ዝም አለች።

«ኧረ በጆሮ አይታይም!» አለ አንዱ ከኋላ።

ቤቱ በሳቅ ተናጋ። ከዚያ ሁሉ ሳቅ መካከል የእሷን ለዩት፤ ሰባት ዓመት አብሯቸው የዋለ ድምፅ ነው።

ባለፈው ሳምንት መሥሪያ ቤቱ ደረጃ ላይ ብቻቸውን ተቀምጠው ሳገኛቸው ይህን ሁሉ አጫወቱኝ። አልረገሟትም። «ድሮም ፈጥና ነው የምትማረው» አሉ እንጂ። ከዚያ ከኮታቸው ኪስ ያልተከፈተ ፖስታ አውጥተው ሰጡኝ። ስከፍተው የስንብት ደብዳቤ ነው። ዓይኔ ቀድሞ ያረፈው ከታች፣ በአዲሷ የክፍል ኃላፊ ፊርማ ላይ ሆነ።

ጋሼ መዝገብ ጆሯቸውን ወደ እኔ አዘነበሉ።

«እስኪ አንብብልኝ፣ ወንድሜ። ድምፅህን ዝቅ አድርግ። የፈረመውንም ሰው እንዳትዘልብኝ።»